ጳጉሜም ቀን ናት፤ ቀናችሁን በጣታችሁ ቁጠሩ

 

ዛሬ የማወራችሁ ስለ ማዳበሪያም ስለ ዘርም አይደለም። ስለ ቀን ቆጠራ ነው። «ይሄ ደግሞ ምን ትምህርት ያስፈልገዋል? ልጅ ሆነን የምናውቀውን!» የሚል አይጠፋም። እኔም እንደዚያ ስል ነው የኖርኩት። አሁን ግን ነሐሴ እያለቀ፣ ጳጉሜ እየመጣች ስለሆነ ዝም ማለት አልቻልኩም።

መጀመሪያ አንድ ጥያቄ። ሰኞ ዕለት ቲማቲማችሁን ረጫችሁ እንበል። የመድኃኒቱ ጠርሙስ ላይ «ከርጭት በኋላ 3 ቀን ሳይሞላ አትልቀሙ» ይላል። መቼ ትለቅማላችሁ?

ይሄን ጥያቄ ማሳ ለማሳ እየዞርኩ ብዙ ሰው ጠይቄያለሁ። የሚበዛው «ረቡዕ» ይለኛል። ሰኞ አንድ፣ ማክሰኞ ሁለት፣ ረቡዕ ሦስት። ጥፋት አይደለም፣ ልማዳችን ነው። እኛ ስንቆጥር የመነሻውን ቀን አብረን እንቆጥራለን። «የዛሬ ስምንት እንገናኝ» ብለን ቅዳሜ ተቃጥረን በሚቀጥለው ቅዳሜ ነው የምንገናኘው፤ በመካከሉ ያለፈው ግን 7 ቀን ነው። ሳምንት የሚለው ቃል ራሱ ከስምንት የመጣ ነው። «የዛሬ አሥራ አምስት» ስንልም ሁለት ሳምንት ማለታችን ነው፤ ሲቆጠር 14 ቀን። ለቀጠሮ፣ ለዕቁብ፣ ለሽምግልና ይሄ አቆጣጠር ምንም አይልም፣ ሁላችንም አንድ ዓይነት ስለምንቆጥር እንገናኛለን።

መድኃኒቱ ግን እንደኛ አይቆጥርም። ጠርሙሱ 3 ቀን ሲል ሦስት ሙሉ ቀን፣ ሌሊቱንም ጨምሮ፣ ይለፍ ማለቱ ነው። ሰኞ ጠዋት የተረጨ ሐሙስ ጠዋት ነው 3 ቀን የሚሞላው። ረቡዕ የለቀመ ሰው ሁለት ቀን ብቻ ነው የጠበቀው። ያንን ቲማቲም ገበያ ላይ የሚገዛው ሰው ደግሞ የእናንተው ጎረቤት ነው። ብዙ ጊዜም ከመሸጡ በፊት ጥሩ ጥሩው ተመርጦ ለገዛ ልጆቻችን ወጥ ይገባል።

ስለዚህ የመጀመሪያው ነገር፦ የረጫችሁበት፣ የዘራችሁበት፣ ያዳቀላችሁበት ቀን ዜሮ ነው። አንድ ብላችሁ የምትጀምሩት በማግስቱ ነው። መድኃኒት የሚሸጥላችሁ ሰው «አሥራ አምስት ቀን ጠብቅ» ካለም «ሁለት ሳምንት ነው ወይስ ሙሉ አሥራ አምስት?» ብላችሁ ጠይቁት። እሱም ላያውቀው ይችላል፤ ያን ጊዜ ጠርሙሱን አንብቡ፣ ማንበብ የሚያስቸግር ከሆነ ተማሪ ልጃችሁን አስነብቡ።

አሁን ወደ እጃችን እንምጣ። የኛ አቆጣጠር ለገበሬ የተመቸ ነው፤ ወሩ ሁሉ 30 ቀን ነው፣ አንዱ ረዝሞ አንዱ አጥሮ አያስቸግርም። አንድ እጃችሁን ዘርጉ። አውራ ጣትን ለጊዜው ተዉት። የቀሩት አራት ጣቶች እያንዳንዳቸው ሦስት ሦስት አንጓ አላቸው፣ በድምሩ አሥራ ሁለት። አመልካች ጣት መስከረም፣ ጥቅምት፣ ኅዳር። የመሐል ጣት ታኅሣሥ፣ ጥር፣ የካቲት። የቀለበት ጣት መጋቢት፣ ሚያዝያ፣ ግንቦት። ትንሿ ጣት ሰኔ፣ ሐምሌ፣ ነሐሴ፤ ክረምቱ በሙሉ ትንሿ ጣት ላይ ነው ማለት ነው። አንድ አንጓ 30 ቀን፣ አንድ ጣት 90 ቀን። በሌላው እጃችሁ እየነካችሁ ቁጠሩ።

አውራ ጣት ጳጉሜ ናት። ከትንሿ ጣት ተነስታችሁ ወደ አመልካች ጣት ስትሻገሩ አውራ ጣታችሁን ነክታችሁ ነው የምታልፉት፤ 5 ቀን ትጨምራላችሁ። በየአራት ዓመቱ በዘመነ ሉቃስ መጨረሻ 6 ትሆናለች። በ2015 6 ነበረች፣ ዘንድሮ 5 ናት፣ እንደገና 6 የምትሆነው በ2019 መጨረሻ ነው።

በአንጓ መቁጠር ቀላል የሚሆነው ቀኖቹ ሲገጥሙ ነው። ሰኔ 12 በሚካኤል በቆሎ የዘራ ሰው ለሐምሌ ሚካኤል 30 ቀኑ ነው። ሁለተኛውን ዩሪያ ከ35 እስከ 40 ቀን ባለው ጊዜ ጨምሩ ስንል እንግዲህ ከሐምሌ 17 እስከ 22 ማለታችን ነው። ከሚካኤል ሚካኤል፣ ከማርያም ማርያም፣ ከመድኃኔዓለም መድኃኔዓለም ሁልጊዜ 30 ነው፤ ከነሐሴው ወደ መስከረሙ ሲሆን ብቻ 35 ይሆናል። (ሙስሊም ወንድሞቼና እህቶቼ፣ እናንተ ደግሞ «ከረመዳን በፊት ነው የዘራሁት» የምትሉት ነገር ለዚህ ሥራ አይመችም። የጨረቃ ወር አንዴ 29 አንዴ 30 ነው፣ ዓመቱም ወደ 354 ቀን ስለሆነ በየዓመቱ ወደ 11 ቀን እየቀደመ ይሄዳል። ለእርሻው የዕለቱን ቀን ከነወሩ ጻፉት።)

ቀኖቹ ካልገጠሙስ? ከሰኔ 26 እስከ ነሐሴ 9 ስንት ቀን ነው? ከሰኔ እስከ ነሐሴ ሁለት አንጓ ነው፣ ግን 9 ከ26 ያንሳል። ስለዚህ አንዱን አንጓ ተበደሩና 30 ቀን ወደ 9ኙ ጨምሩ፤ 39 ይሆናል። 39 ሲቀነስ 26፣ 13። በቀረው አንድ አንጓ 30 ላይ ሲደመር 43 ቀን። ካልተዋጠላችሁ በሌላ መንገድ ሞክሩት፦ ከሰኔ 26 እስከ ሰኔ 30 አራት ቀን፣ ሐምሌ በሙሉ 30፣ የነሐሴ 9። አሁንም 43። ሁለቱ መንገዶች ካልተስማሙ አንዱ ጋ ስታችኋል፣ እንደገና ቁጠሩ።

«ስልኬ ይቁጠርልኝ» የሚሉ ወጣቶች አሉ። እኔ ስልክ አልጠላም፣ ይሄንንም የምታነቡት በስልክ ነው። ግን ስልካችሁ ላይ የሚታየው ቀን በአብዛኛው የፈረንጆቹ ነው። በነሱ ወሩ አንዴ 30፣ አንዴ 31፣ ፌብሩዋሪ ሲደርስ ደግሞ 28 ወይ 29 ነው። ከላይ የቆጠርነው ጊዜ በነሱ ከጁላይ 3 እስከ ኦገስት 15 ነው፤ ጁላይ 31 እንዳለው የማያውቅ ሰው 42 ይላል። በዚያ ላይ ባትሪ አለ፣ መብራት መጥፋት አለ፣ ስልኩን ይዞት የጠፋ ልጅ አለ። ስልኩ ማስታወሻና ማንቂያ ደወል ይሁናችሁ፤ ቆጠራውን ግን በእጃችሁ አድርጋችሁ ውጤቱን ነው እሱ ላይ የምትሞሉት። በነገራችን ላይ በፈረንጆቹ ቀን ሌላም አደጋ አለ፤ ጠርሙስ ላይ 2026 ያበቃል የሚል አይታችሁ «እኛ ገና 2018 ላይ ነን፣ ስምንት ዓመት አለው» እንዳትሉ። ይሄን ያለኝ ሰው ስላለ ነው የምናገረው።

አሁን ለምን ይሄን ርዕስ እንዳነሳሁ ልንገራችሁ።

ካለፉት ዓመታት በአንዱ አንድ አባወራ ላሟን ጥር 20 አዳቀለ። የተዳቀለችበትን ካርድ ይዞ መጣና «ልጄ፣ መቼ ነው የምትወልደው?» አለኝ። ላም በአማካይ በ283 ቀን ነው የምትወልደው፤ በኛ አቆጣጠር ዘጠኝ ወር ከ13 ቀን። ቆሜ በቃሌ ቆጠርኩለት። ከጥር 20 ዘጠኝ ወር ጥቅምት 20፣ 13 ሲደመር ኅዳር 3። «ጋሼ፣ ኅዳር መጀመሪያ ላይ ጠብቃት» አልኩት። አመስግኖኝ ሄደ።

ጥቅምት 26 ጋሼ ለዘመድ ተዝካር ሌላ ቀበሌ ሄደ። ላሟ ጥቅምት 27 ማታ ምጥ ያዛት። የጥጃዋ አንድ የፊት እግር ታጥፎ ነበር የመጣው። ቤት ውስጥ የነበሩት ባለቤቱና አንድ ትንሽ ልጅ ብቻ ናቸው። ሲነጋ ተጠርቼ ስደርስ እንስት ጥጃ ነበረች፣ ሞታለች። ላሟን በመከራ አተረፍናት።

ጋሼ ሲመጣ አልተቆጣኝም። «አንተ ልጅ፣ ኅዳር ብለኸኝ አልነበር እንዴ?» ብቻ አለኝ። ያኔ ነው እጄን ዘርግቼ በአንጓ የቆጠርኩት። ጳጉሜን ረስቻት ነበር። ትክክለኛው ቀን ጥቅምት 28 ነው። ላሟ በቀኗ ነው የወለደችው፣ የሳትኩት እኔ ነኝ።

ላም ሁልጊዜ ልክ በ283ኛው ቀን ትወልዳለች አልልም፤ ከዚያ ቀደም ወይም ዘግየት ትላለች፣ ለዚህ ነው ከቀኗ አንድ ሳምንት ቀድሞ መጠበቅ የሚጀመረው። ግን እኔ ጥቅምት 28 ብዬው ቢሆን ጋሼ በ26 ከቤት አይወጣም ነበር።

እኛ የመንግሥት ሠራተኞች ጳጉሜን የምንረሳበት ምክንያት ይኖረናል፣ ደመወዝ የላትማ! በወር በወር ስንቆጥር እሷን ዘለን እናልፋለን። እናንተ ግን በጳጉሜም ታርማላችሁ፣ ታልባላችሁ። ላሟም በሆዷ ያለውን በጳጉሜም ታሳድጋለች።

ከዚያ ወዲህ ለላም የምጠቀምበት መንገድ ይሄ ነው። ከመስከረም 1 እስከ ኅዳር 17 የተዳቀለች ላም ጳጉሜ ሳይደርስ ትወልዳለች፤ ዘጠኝ አንጓ ቁጠሩና 13 ቀን ጨምሩ። መስከረም 5 የተዳቀለች ሰኔ 18 ማለት ነው። ከኅዳር 23 በኋላ እስከ ነሐሴ መጨረሻ የተዳቀለች ጳጉሜን ትሻገራለች፤ ለእሷ ዘጠኝ አንጓ ቁጠሩና 8 ቀን ብቻ ጨምሩ፣ አምስቱን ጳጉሜ ቆጥራላችኋለች። በመካከል ከኅዳር 18 እስከ 22 የተዳቀለች እዚያው ጳጉሜ ውስጥ ነው ቀኗ የሚውለው። የምትታለብ ላም ከሆነች ደግሞ ከምትወልድበት ቀን 60 ቀን፣ ማለትም ሁለት አንጓ፣ ወደ ኋላ ቆጥራችሁ አንጥፏት። ወተቱ ያጓጓል፣ አውቃለሁ። ግን ሳትነጥፍ የወለደች ላም በሚቀጥለው እልበት ወተቷ ይቀንስባችኋል።

መዳቀሏን ብቻ ሳይሆን መያዟንም በቀን ነው የምታውቁት። ያልያዘች ላም በ21 ቀን አካባቢ ተመልሳ ኮርማ ትፈልጋለች። ሚያዝያ 8 ካዳቀላችሁ ከሚያዝያ 26 እስከ ግንቦት 2 ድረስ ጠዋትና ማታ ተመልከቷት። ይሄን ሳምንት ያሳለፈ ሰው ባዶ ላም እየቀለበ ሦስት ሳምንት ይጨምራል።

ለበግና ለፍየል 150 ቀን ነው፣ አምስት አንጓ፤ ሌላ ሒሳብ የለውም። ኅዳር 10 ከአውራ ጋር የተገናኘች በግ ሚያዝያ 10 አካባቢ ትወልዳለች። ሐምሌ 10 ከሆነ ግን ታኅሣሥ 10 ሳይሆን ታኅሣሥ 5። ዶሮ 21 ቀን፤ ጥር 13 ያስታቀፋችሁት የካቲት 4 ይፈለፈላል።

በቆሎም እንዲሁ። ቢኤች 540 ለመድረስ 145 ቀን ገደማ የሚፈልግ ዝርያ ነው። ግንቦት 25 ከተዘራ አራት አንጓ ስንቆጥር መስከረም 25 ላይ እንደርሳለን፣ ጳጉሜን ስለተሻገርን 125 ቀን ሆኗል፤ 20 ስንጨምር ጥቅምት 15። ደጋ ላይ ይዘገያል፣ ሙቀት ባለበት ይፈጥናል። በዚያ ቀን ማጭድ ይዛችሁ ግቡ ማለቴም አይደለም፤ ከዚያ ሳምንት ቀደም ብላችሁ ፍሬውን ፈልፍላችሁ ታችኛውን ጫፍ ማየት ጀምሩ። ከቆሎው ጋር የሚያያዝበት ቦታ ላይ ጥቁር ምልክት ካበጀ ደርሷል።

አሁን ወቀሳው ወደኛ ወደ ልማት ሠራተኞች ነው። «በ35 ቀን ዩሪያ ጨምሩ» እያልን ከምኑ ቀን እንደሚቆጠር አንናገርም። ከተዘራበት ነው? ከበቀለበት ነው? ዝናቡ ዘግይቶ ዘሩ በደረቅ አፈር ውስጥ ሳምንት ከከረመ በሁለቱ መካከል ትልቅ ልዩነት አለ። የእንስሳት መድኃኒትም እንደዚሁ። ላሟ ሦስት ቀን በተከታታይ መርፌ ከተወጋች ወተቷ የማይጠጣበት ቀን የሚቆጠረው ከመጨረሻው መርፌ ነው፤ ከመጀመሪያው የሚቆጥር ሰው ግን ብዙ ነው አይቻለሁ። 72 ሰዓት ከተባለ ከመጨረሻው መርፌ ሙሉ ሦስት ቀን። ርጭትም ሁለቴ ሦስቴ ከተረጨ የሚቆጠረው ከመጨረሻው ነው። እናንተም እኛን አትማሩን። ቁጥር የነገራችሁን ሰው ሁሉ፣ እኔንም ጨምሮ፣ «ከየትኛው ቀን?» ብላችሁ ያዙት።

አንዳንዴ መሳሳት ራሱ ሁለት ዓይነት ነው። ከመድኃኒት በኋላ ስትጠብቁ ቆጠራው ከተምታታባችሁ አንድ ቀን አብዝታችሁ ጠብቁ፤ አንድ ቀን የዘገየ ቲማቲም ቢበዛ ይለሰልሳል። ለመውለጃና ለዩሪያ ከሆነ ግን ቀደም ብላችሁ ተዘጋጁ፤ እዚያ መዘግየት ነው የሚጎዳው።

ለብድርም ይሠራል። ከመጋቢት 10 እስከ መስከረም 10 ስድስት ወር ነው፣ ሲቆጠር ግን 185 ቀን ነው። ወለድ በቀን የሚታሰብ ከሆነ አምስቱ ቀን ተከፍሎበታል ማለት ነው። ከመፈረማችሁ በፊት በወር ነው በቀን የሚታሰበው ብላችሁ ጠይቁ።

የማትረሱት መስሏችሁ አትተዉት፣ ጻፉት። ደብተር ካላችሁ በደብተር፣ ከሌላችሁ በበሩ ጀርባ በከሰል። ሁለት ነገር ይበቃል፦ ምን እንዳደረጋችሁና በስንት ቀን። «ቡሬዋ፣ ጥር 20»። «የታችኛው ማሳ ቲማቲም፣ ርጭት፣ መስከረም 5»። የመድረሻውን ቀን ቆጥራችሁ ከጎኑ ጨምሩበት። ቤት ውስጥ ያለ ሰው ሁሉ ያየዋል፣ እናንተ ተዝካር ብትሄዱም።

በመጨረሻ ለልጆቻችሁ የምትሰጡት ጥያቄ። ነሐሴ 22 የታቀፈች ዶሮ መቼ ትፈለፍላለች? «መስከረም 13» ካሉ እጃቸውን አስዘርጉና አውራ ጣታቸውን አስነኳቸው። መልሱ መስከረም 8 ነው።